የወግድን ሞላ ይዤ ወደ ፎገራ

ሰዓት ጠጋኝ ነኝ። ሱቄ አዲስ አበባ፣ ፒያሳ፣ በአንድ ጫማ ሰፊና በአንድ ፎቶ አንሺ መካከል ተሸጉጣ ያለች፣ ሁለት ደንበኛ ከገባባት ሦስተኛው ደጅ የሚቆምባት ክፍል ናት። በሠፈሩ የምታወቀው በሁለት ነገር ነው። የነካሁት ሰዓት አይቆምም፤ የተቀበልኩት ሥራ ግን በቀጠሮው አይደርስም። "ነገ ና" ከአፌ ስለማትጠፋ ጎረቤቶቼ ስሜን ትተው "ጋሽ ነገ" ይሉኛል። ለምጄዋለሁ፤ ሲጠሩኝ አቤት እላለሁ።

ታዲያ በዕድሜዬ አንድ ሥራ ብቻ በጊዜው አድርሻለሁ። እሱን ለማድረስም ሱቄን ዘግቼ እስከ ፎገራ ተጉዣለሁ። ከተመለስኩ ወዲህ ያገኘኝ ሁሉ "እስቲ አጫውተን" ስለሚለኝ፣ ብዙዎቻችሁም ወደዚያ አገር የሚያስኬድ ጉዳይ ስለማይኖራችሁ፣ ከመነሻው ጀምሬ ቀን በቀን ጽፌዋለሁ።

ነገሩ የጀመረው በሰኔ ነው። ሽበት የጀመራቸው፣ ጣቶቻቸው በእሳት የጠቆሩ አንድ ሰው ሱቄ ገቡና ከነጠላቸው ጫፍ አንድ ቋጠሮ ፈትተው የአሮጌ ጠመንጃ ቃታ ከነምላጩ ጠረጴዛዬ ላይ አስቀመጡ።

"ጌታው፣ ሰዓት እንኳ አይደለም" አሉኝ። "ሞላ ያለው ነገር ነው ብየ ነው የመጣሁ።"

አገላብጬ አየሁት። ምላጩ ሲሳብ የምትመታዋን ብረት የሚያስፈነጥራት ሞላ ተሰብሯል። ስብራቱ ላይ የሞረድ ጭረት አለ። አንድ የማያውቅ ሰው ልጠግን ብሎ ያበላሸው መስሎኝ በልቤ ሳቅሁ።

ሰውየው አያ አለነ ይባላሉ። ከወረታ ወዲህ፣ ጉማራ ወንዝ ዳር ባለች መንደር ማረሻና ማጭድ የሚሠሩ ብረት ቀጥቃጭ ናቸው። ጠመንጃውም ስም አለው፤ ወግድ ይባላል። ሰው አልገደለም፣ አውሬም አልጣለም፤ ሥራው በረዶ መመለስ ነው። ጤፉ ራስ ሲያወጣ የበረዶ ደመና ከጉና ተራራ ወርዶ ይመጣል። ያን ጊዜ አያ አለነ ጉብታ ላይ ወጥተው ወደ ደመናው ይተኩሳሉ፣ መንደሩ በአንድ ድምፅ "ወግድ!" ይላል፣ በረዶውም ወደ ሌላ በኩል ይሄዳል። አያ አለነ ርስት የላቸውም። ጠመንጃውን ስለሚያስጮሁ ግን መንደሩ አንድ ቁራጭ መሬት ሰጥቷቸዋል፤ "የወግድ እርሻ" ይሉታል። ጠመንጃው በእሳቸው ጥፋት ዝም ያለ ቀን እርሻውም ይወሰዳል።

"ጎንደር ጠመንጃ ጠጋኝ ጠፍቶ ነው እዚህ ድረስ የለፉት?" አልኳቸው።

"የጎንደሮቹ ይቸኩላሉ።"

"እኔ እንኳ ትንሽ ጊዜ እወስዳለሁ።"

"ይውሰዱ እንጅ ጌታው፣ ምን ችኮላ አለ! ሲደርስ ሰው እልካለሁ።"

ሱቄን ከከፈትኩ ጀምሮ አትቸኩል ያለኝ ደንበኛ እሳቸው የመጀመሪያው ናቸው። ልቤ ተነካ። ከአንድ የግድግዳ ሰዓት ሞላ ሦስት ቅጠል ቆርጬ፣ ደራርቤ፣ በእሳትና በዘይት አጠንክሬ በአሥር ቀን ጨረስኩት። ሰው ግን አልተላከም። ሐምሌ አለፈ፣ ነሐሴ አለፈ። ፒያሳ ላይ በረዶ ወርዶ ቆርቆሮው በተንኳኳ ቁጥር እኒያ ሰው ትዝ ይሉኛል፤ ይኼኔ እርሻቸውን ሊቀሙ ነው እያልኩ እንቅልፍ አጣለሁ። መስቀል ሲያልፍ አላስቻለኝም።

የመጀመሪያው ቀን

ቃታውን ከነሞላው በጥጥ ጠቅልዬ፣ የብስኩት ጣሳ ውስጥ ከትቼ፣ ጣሳውን ጉያዬ አድርጌ በማለዳ አውቶቡስ ተሳፈርኩ። አጠገቤ የተቀመጡት እናት ሦስት ዶሮ ይዘዋል። ዶሮ ወደ አዲስ አበባ ሲመጣ እንጂ ከአዲስ አበባ ሲወጣ አይቼ አላውቅም። ጠየቅኋቸው። ምራታቸው የሰጠቻቸው ናቸው፤ "እምቢ ብላት ትቀየመኛለች፣ ብቀበላት ደግሞ ይኸው" አሉኝ። እስከ ፍቼ ዶሮዎቹም እኔም ተኛን።

አባይ በረሃ ስንወርድ ወንዙን ላይ ብዬ አንገቴን በመስኮት አወጣሁና ነፋሱ ባርኔጣዬን ወሰደው። ግራጫ፣ ጥሩ ባርኔጣ ነበር። "አቁምልኝ!" ብዬ ስጮህ ሹፌሩ ዞር እንኳ ሳይል "የሱዳን ሰው ያደርገዋል፣ ተወው" አለኝ። አውቶቡሱ በሙሉ ሳቀ። ዶሮ የያዙት እናት ብቻ አዝነው ሻርፓቸውን አውልቀው ሰጡኝ፤ አናቴን አስሬ ደብረ ማርቆስ ገባሁ።

የተከራየሁት አልጋ ከእኔ በፊት በትኋን ተይዞ ቆየኝ። እራቱ ግን ካሰኝ። ሽሮው እንደ እኛ ሠፈር ሽሮ ከእንጀራው ቀድሞ የሚሮጥ አይደለም፤ ቁጭ ያለበት ይቆያል።

ሁለተኛው ቀን

ቀኑን ሙሉ ዝናብ ነበር። የአውቶቡሱ ጣሪያ እኔ በተቀመጥኩበት በኩል ብቻ ያፈሳል። ጣሳዬን ከሻርፑ ጋር ደረቴ ላይ አቅፌ ስጓዝ ከኋላዬ ያለው ሰው "ታቅፈህ የያዝከው ሕፃን ነው?" አለኝ። "የጠመንጃ ሞላ ነው" ስለው ከዚያ በኋላ አላናገረኝም።

ባሕር ዳር ስንደርስ አባራ። ዓሣ አዘዝኩ፤ አንድ ሙሉ ዓሣ ከነጭንቅላቱ ተጠብሶ መጣልኝ። እኛ ዘንድ ዓሣ የሚታወቀው በጾም ነው፣ ያውም ጭራውን ካገኘህ ነው። በስስት ስጎርስ አጥንት ጉሮሮዬ ላይ ቆመ። አሳላፊዋ ሳትደናገጥ ጀርባዬን ሁለት ጊዜ ደቃችኝና ደረቅ ዳቦ ሳላኝክ አስዋጠችኝ። አጥንቱ ወረደ። "ሸዌ መሆንህን በጉርሻህ አውቄ ነበር" አለችኝ። ሐይቁን ያየሁት ዕንባዬን እየጠረግሁ ነው፤ ትልቅ ነው።

ሦስተኛው ቀን

ጠዋት እንደገና አባይን ተሻገርን። እዚህ ሰፊና ጭምት ነው፤ ባርኔጣ የሚበላ አይመስልም። ሐሙሲት ስንደርስ ጎማ ተነፈሰ። መለዋወጫውም የተነፈሰ ሆኖ ስለተገኘ ሹፌሩ እስኪያስለጥፍ ፀሐይ ላይ ቆምን። መንገድ ዳር ቤታቸው ያለ አንድ ገበሬ ወጥተው "ምነው ሰው እያለ ደጅ ትቆማላችሁ?" ብለው አሥራ ሁለታችንንም አስገቡን። ጠላ ተቀዳ፣ ትኩስ ዳቦ ተቆረሰ። ማን እንደሆንን እንኳ የጠየቁን ከጠገብን በኋላ ነው። እኔ ቤት አሥራ ሁለት የማላውቃቸው ሰዎች ቢመጡ በሩን ቆልፌ በመስኮት ነበር የማያቸው፤ እዚያው ተቀምጬ አፈርኩ።

ከሐሙሲት ወዲያ መሬቱ ለጥ ይላል። ሽቅብና ቁልቁል ለለመደ የአዲስ አበባ ሰው ግራ ያጋባል፤ ዐይን የሚያርፍበት አያገኝም። ከብቶቹ ደግሞ ትልልቅ ናቸው። የእኛ ሠፈር ላሞች ከእነዚህ አጠገብ ቢቆሙ ጥጃ ናችሁ ተብለው ይታሰሩ ነበር።

ወረታ ያረፍኩባት ቤት ባለቤት ለምን እንደመጣሁ ስነግራት እጇን አፏ ላይ ጫነች።

"ወግድን ልታስነሳው? ተጉማራ ወዲህ ያለው ሰው ተሸክሞ ነው የሚቀበልህ። የማዶዎቹ ግን አይመርቁህም።"

"ለምን?"

"ተዚህ የተባረረው በረዶ የት የሚወርድ ይመስልሃል?"

እኔ ጠመንጃ በረዶ ይመልሳል ብዬ የማምን ሰው አይደለሁም። ስቄ ተኛሁ።

አራተኛው ቀን

በቅሎ ተከራይቼ ከባለቤቱ ጋር ወጣሁ። በዚያ ሰሞን የፎገራ ጭቃ ጥቁርና የሚያጣብቅ ነው፤ መረሬ ይሉታል። በቅሎዋ እስከ ጉልበቷ እየገባች፣ እያለከለከች፣ አንድ ሰዓት ያህል ታገሰችኝ። ከዚያ አንድ ቦይ ጋ ስትደርስ አሰበችበትና ቆመች፤ እኔ አልቆምኩም። በራሷ ላይ አልፌ ቦዩ ውስጥ ተዘረጋሁ። ባለ በቅሎው ሲያወጣኝ ያልጠቆረብኝ ከፍ አድርጌ የያዝኳት ጣሳ ብቻ ናት።

በዚያ መልኬ መንደሩ ደረስኩ። ዕለቱ ማርያም ስለነበር ሰው ሁሉ ከቤተ ክርስቲያን መልስ ሾላ ሥር ተሰብስቦ ዝክር ይጠጣል። አያ አለነን ከሩቅ አየኋቸውና ደስታዬን መያዝ አቃተኝ። ጣሳውን አነሳሁ።

"አያ አለነ! አድርሻለሁ! ወግድ ተጠግኗል!"

ሴቶቹ እልል አሉ። ወንዶቹ ተነስተው ከነጭቃዬ አቀፉኝ። ጭቃ ሹሙ፣ ማለትም የመንደሩ ሹም፣ ጢማቸው የተከረከመ ኮስታራ ሰው ናቸው፤ እሳቸውም መጥተው ግንባሬን ሳሙኝ። አያ አለነ ግን ዋንጫቸውን እንደያዙ ቆመው ቀሩ። መልካቸው አመድ መሰለ። በደስታ ነው ብዬ አሰብኩ።

"ራስህ ይዘኸው መጣህ?" አሉኝ ዝግ ብለው።

"ራሴ!"

"ያን ሁሉ አገር አቋርጠህ?"

"ምን ችግር አለ!"

"ዛሬውኑ ይግጠም!" አሉ ጭቃ ሹሙ። "ደመናው ሲመላለስ ነው የሰነበተው።"

"ዛሬ ማርያም ናት" አሉ አያ አለነ ቶሎ ብለው። "በማርያም ብረት መትቸ በረዶ ልጥራባችሁ?"

ሁሉም አማተበ። በዚያ አገር በበዓል ቀን ብረት የመታ፣ እርሻ የገባ ወይም ልብስ ያጠበ ሰው በረዶ ያስወርዳል ይባላል፤ በዓሉን የሚያስከብረው ቄስ ብቻ ሳይሆን ጎረቤትም ነው። እኔ በበዓል ቀን ብሎን ስፈታ የምውል ሰው መሆኔን አልተናገርኩም።

ቤታቸው ስንገባ ባለቤታቸው ወይዘሮ ጠጅቱ እግሬን በሙቅ ውኃ አጥበው በቅል ሙሉ እርጎ ሰጡኝ። የእኛ ሠፈር ወተት ሻጭ ይህን ቢያይ ውኃ መጨመር ይተው ነበር። አያ አለነ ከሱቁ "ጌታው" ወርደው "አንተ" ማለት መጀመራቸውን ልብ አልኩና ወደድኩት። ስለ ሞላዬ ግን ምንም አልጠየቁኝም። እኔው ነኝ እንዴት እንደሠራሁት ሁለት ጊዜ ያስረዳኋቸው።

አምስተኛው ቀን

"ዛሬ እንግጠመው" ስላቸው አያ አለነ ወገቤን አዩት።

"በቅሎ የጣለው ሰው መጀመሪያ ወንዛዬ ነው የሚወርድ። ፍል ውኃው ሳይነካው ወገቡ ቢደርቅበት ለኔም ሐፍረት ነው።"

ሄድን። እኛም አዲስ አበባ ፍልውኃ አለን፤ የእኛው በቧንቧ መጥቶ በር ይዘጋበታል። የወንዛዬው ድንጋይ መሐል ይፈላል፣ ሰውም ወንዱ በአንድ ወገን ሴቱ በሌላ ወገን ተኮልኩሎ ይነከራል። እኔ አዋቂ ነኝ ብዬ በአንዴ ብገባ ጩኸቴ ጉማራን ተሻገረ። አንድ መነኩሴ "ቀስ ነው እንጂ ልጄ፣ ማን ያባርርሃል?" እያሉ በቅል ቀዝቃዛ ውኃ አፈሰሱልኝ። ወገቤ እውነትም ተፈታ።

"ሰባት ቀን ነው ሥርዓቱ" አሉ አያ አለነ፣ ልብሴን እያቀበሉኝ።

"አንድ ቀን በቂዬ ነው!"

"ሰባት ቢሆን ግን ይሻል ነበር።"

እንዴት ያለ እንግዳ አክባሪ ሰው ነው እያልኩ ተመለስኩ።

ስድስተኛውና ሰባተኛው ቀን

ስድስተኛው ቀን ጊዮርጊስ ሆነ፤ ብረት አይመታም። አያ አለነ ባርኔጣ ሳልገዛ ፀሐይ እንዲመታኝ እንደማይፈቅዱ ተናገሩ። ለአንድ ባርኔጣ ወረታ ድረስ በእግር፣ ከዚያ በጭነት መኪና ላይ ይፋግ ገበያ ሄድን። ገበያው ትልቅ ነው፤ ጨው፣ ከብት፣ ሸማ፣ እንስራ ብቻውን ሜዳ የሚያክል ቦታ ይዟል። እንደ መርካቶ ግን ማንም እጅህን አይጎትትም። ባርኔጣ የለም። የስንደዶ ቆብ ተገኘልኝና አደረግሁት፤ ገበያተኛው ሁሉ ዞሮ አየኝ፣ የሴት እረኛ ቆብ ኖሯል። አያ አለነ እንኳ ፈገግ አሉ። ከዚያም ዘመድ ሳልጠይቅ አላልፍም አሉና እዚያው አደርን።

ሰባተኛው ቀን ተክለ ሃይማኖት ነበር፤ ያም ይከበራል። ወደ ማታ ጉማራ ዳር ስንደርስ አንዲት ወጣት ሴት ቀሚሷን ሰብስባ ከማዶ ተሻግራ ጠበቀችን። የአያ አለነ ልጅ እንጉዳይ ናት፤ ባሏ ሸማኔ ነው፣ ማዶ ይኖራሉ። የአባቷን ጉልበት ሳመችና ወደ ጣሳዬ ተመለከተች።

"ይኸ ነው አባባ?"

"ይኸ ነው።"

"ሠርቶታል?"

"አሳምሮ" አሉ።

ሥራዬ በመመስገኑ ደስ ብሎኝ ልጅቷን ለማጫወት ብሞክር ዐይኗ ዕንባ ሞላ። ሳትቀመጥ ውኃውን ተሻግራ ተመለሰች። ምን አጠፋሁ ብዬ ስጠይቅ አያ አለነ "ደክሟት ነው" አሉኝ።

ስምንተኛው ቀን

ጠዋት ጭቃ ሹሙ ራሳቸው በር ላይ ቆመው ጠበቁን። አያ አለነ አፋቸውን ከፈቱ።

"ዛሬ እኮ መርቆሬዎስ…"

"በመርቆሬዎስ ስናርስ ነው የኖርነው" አሉ ጭቃ ሹሙ። "ግጠም!"

ወናፋቸው ካለበት ጎጆ ሁለታችን ብቻ ገባን። ወግድ ከሰው የሚረዝም፣ ሰደፉ በጠፍር የተጠፈረ አሮጌ ጠመንጃ ነው። ቃታውን በቦታው አስቀመጥኩ፣ ምላጩን ሳብኩ፣ ብረቷ ቀጭ ብላ ወረደች። ከዚያ የተሻለ ሥራ ሠርቼ አላውቅም። መሣሪያዬን ስሰበስብ ግን የአያ አለነ ሞረድ ዐይኔ ገባ። ጥርሱ አንድ ቦታ ላይ ተሰብሯል። በዚያ ስባሪ የሚወጣውን ጭረት ደግሞ በሰኔ በራሴ ማጉያ መነጽር አይቼው ነበር።

"አያ አለነ፣ የድሮው ሞላ የተሰበረ አይደለም። በዚህ የተቆረጠ ነው።"

 ብረት መቀጥቀጫ ድንጋያቸው ላይ ተቀመጡ።

"እኔ ነኝ የቆረጥሁት። አምና ወግድን አስጮህሁና በረዶው ተዚህ ተነስቶ የእንጉዳይን ጤፍ ተመሬት አመሳሰለው። ፍሬውን ተነገለባው ወሰደው። የሰው መሬት በእኩል ያረሱት ነው፣ ሌላ እህል የላቸውም። ዓመቱን ተኔ ቤት በሉ። ዘንድሮም ቢደገም ባሏን ይዛ ሰቲት ቆላ ለሥራ ትወርዳለች። ተዚያ የወረደ ስንቱን ወባ በላው።"

"ለመንደሩ ቢነግሯቸውስ?"

"ምን ብየ? ለልጄ ብየ የናንተን እህል በረዶ ይውሰደው ልበል? ያን ቀን እርሻውን ይነጥቁኛል። ወግድ ታሟል፣ ሸዋ ሐኪም ዘንድ ነው ስላቸው ግን ማን ምን ይለኛል? ይጠብቃሉ።"

"ለዚህ ነው ወደ እኔ የመጡት?"

"ፒያሳ ገብቸ 'ሥራ የማያደርስ ጠጋኝ ማነው?' ብየ ጠየቅሁ። ሦስት ሰው ጠየቅሁ። ሦስቱም አንተን አሳዩኝ።"

ሳቄ መጣ፣ ከሳቄ ጋር ዕንባዬ መጣ። የመጣሁበትን መንገድ ሁሉ አሰብኩት፤ ባርኔጣው፣ አጥንቱ፣ ቦዩ። ይህን ሁሉ ያለፍኩት በኔ ስንፍና ተማምነው በሰላም የተቀመጡ ሰው ላይ መከራ ለማምጣት ነው። ጠመንጃው በረዶ ይመልስ አይመልስ እኔ ምን አውቃለሁ? እሳቸው ግን ያምናሉ፤ ምላጩን ሲስቡ ልጃቸው ላይ እንደሚተኩሱ እያወቁ ነው የሚስቡት።

አልቅሰን ሳንጨርስ ውጭ ጩኸት ተነሳ። ከጉና በኩል ሆዱ የነጣ ጥቁር ደመና እየተጎተተ መጥቷል። ሰው ሁሉ ጉብታው ላይ ወጣ። አያ አለነ ባሩድ አጎረሱ፣ ጠመንጃውን አንድ ግንድ ላይ አስደግፈው ሰደፉን ትከሻቸው ላይ አደረጉ። "ወግድ!" አለ መንደሩ። እሳቸው ደመናውን ትተው ወንዙ ማዶ ያለውን አንድ የሳር ክዳን ያዩ ነበር። ጣታቸው ምላጩ ላይ ገባ። እርሻው አለ፣ ጭቃ ሹሙ አጠገባቸው ቆመዋል፤ መሳብ ነበረባቸው።

"አይተኩሱ!" ብዬ ጮህኩ። "ሞላው ስሕተት አለበት! ይፈነዳል!"

ሰው ወደ ኋላ ተነዳ። ሮጬ ደረስኩና በሁሉም ፊት ቃታውን ፈትቼ አወጣሁ።

"ልኩን ተሳስቻለሁ" አልኩ። "ብረቱም የማይሆን ብረት ነው። ይህን ያየሁት አሁን ነው።"

ጭቃ ሹሙ ቀረቡኝ። "አምስት ቀን ሙሉ 'የኔ ሞላ፣ የኔ ሞላ' ስትለን ከርመህ?"

"አዎ።"

"ሰዓት ጠጋኝ ነኝ አላልህም?"

"ነኝ።"

"መቸ ይደርሳል ታዲያ?"

"ነገ" አልኩ። ከልማድ ነው።

ደመናው እስኪደርስ ድረስ ስድቤን ጠጣሁ። ሃያ ዓመት ያካበትኩት ስም እዚያ ጉብታ ላይ ከጭቃ ተደባለቀ፤ እልል ያሉልኝ ሴቶች ናቸው የባሱት። እፍረቱ አሁንም ፊቴን ያግለዋል። ቀና ስል ግን አያ አለነ ባዶውን ጠመንጃ ታቅፈው ያዩኛል።

በረዶው ሽንብራ ሽንብራ የሚያክል ሆኖ ወረደ። ብዙ አልቆየም። የወግድን እርሻ ግማሹን፣ የሦስት ጎረቤት ማሳ ጠርዙን መታና ወደ ሐይቁ ሄደ። ማዶ አንዲት ፍሬ አልወደቀም። አያ አለነ ከማሳቸው የተቀጠፈ ጤፍ አንስተው አሹት።

"ግማሹ ይበቃናል" አሉ ለወይዘሮ ጠጅቱ።

ዘጠነኛው ቀን

ማንም ሊሸኘኝ አልወጣም። ቃታውን "ለማረም" ጣሳዬ ውስጥ መልሼ፣ የሴት እረኛ ቆቤን አድርጌ፣ ከባለ በቅሎው ጋር ብቻዬን ወጣሁ። መንገድ ላይ እንጉዳይ ጠበቀችኝ፤ በነጠላ የተጠቀለለ ትኩስ ድፎ ዳቦ ይዛለች።  ዳቦውን እጄ ላይ አስቀምጣ፣ እጄን በሁለት እጇ ይዛ ሳመችው። በመልስ መንገድ አውቶቡስ ውስጥ ለተሳፋሪው ሁሉ ያን ዳቦ ቆርሼ አካፈልኩ፤ እንዲህ ያለ ነገር ከሐሙሲቱ ሰው ነው የተማርኩት።

ከዚያ ወዲህ በየዓመቱ በሰኔ ደብዳቤ ይደርሰኛል። ጭቃ ሹሙ በደብተራ እጅ ያጻፉት ነው፤ "አንተ ቃለ አባይ ሰዓት ሠሪ፣ ጠመንጃችን ምን ደረሰ?" ይላል። ከደብዳቤው ጋር፣ በሌላ ሰው እጅ፣ አንድ ቅል ቅቤ ይመጣል። እንጉዳይ ጤፏን እንዳጨደች፣ ሰቲት እንዳልወረዱ የምሰማው ከቅቤው አምጪ ነው። የወግድ እርሻም በአያ አለነ እጅ ነው፤ ጥፋቱ የኔ ስለሆነ ማንም አልነካባቸውም።

ቃታው መሳቢያዬ ውስጥ ነው። አልፎ አልፎ አውጥቼ ምላጩን ስስበው ቀጭ ይላል፤ እስከ ዛሬ ከሠራሁት ሁሉ የሚያኮራኝ እሱ ነው። የመንደሯን ስም ያልጻፍኩት አውቄ ነው። ከእናንተ አንዳችሁ ድንገት በዚያ በኩል ብታልፉና "ያ የፒያሳው ሰዓት ሠሪ ምን አለ?" ብለው ቢጠይቋችሁ፣ ገና አልደረሰም በሉልኝ።